ሽማግሌዎቹን የቀደማቸው ጌም

ወንድሜ ሙዙን ውኃ ሊያጠጣ ማለዳ ወጥቶ ከቦዩ ዳር ቁጭ እንዳለ ቀረ። ልቡ ነው አሉን። እሱ በሚኖርበት ቀበሌ፣ ላንቴ ላይ፣ ሰው ሲሞት ወሬው ከሬሳው ቀድሞ ነው ቤት የሚገባው፤ እኔ አርባ ምንጭ ከተማ፣ ሲቀላ ተቀምጬ የሰማሁት ጎረቤቶቹ ገና ከመሬት ሳያነሡት ነው። ረፋዱ ላይ ያልሰማ ዘመድ አልነበረም። ልጁ ብቻ ቀረች። አዲስ አበባ ነበረች፤ ከዩኒቨርሲቲ ከወጣች ጀምሮ ሥራ ስትፈልግ ከርማ፣ በዚያው ሳምንት አንድ መሥሪያ ቤት ለፈተና ጠርቷት ነበር።

ሬሳው ቤት ውስጥ እንዳለ ዘመድ ጓሮ ተሰብስቦ ምን ይሻላል ተባባለ።

«አሁኑኑ ትጠራና ለቀብሩ ትድረስ» ያለ ነበር።

«በምን ተብላ ትጠራ? መንገድ ላይ ብቻዋን ልትፈነዳ ነው?» ያለም ነበር።

«ፈተናዋን ትጨርስ» ያልኩት እኔ ነኝ። «ስንት ወር ያጠናችበት ነው። አባቷም ቢሆን የሚለው ይሄንኑ ነው።» የሞተ ሰው ምን እንደሚል መናገር ቀላል ነው፤ አይመልስም። ሰዉ ራሱን ነቀነቀና ወንድሜን ያለ ልጁ ቀበርነው።

መርዶ በስልክ አይነገርም። ሽማግሌ ተሰብስቦ፣ ቄስ ተጠርቶ፣ ገና ጎህ ሲቀድ፣ ሰው ፊቱን ሳይታጠብ በር ተንኳኩቶ ነው የሚነገረው። ስትወድቅ የሚይዛት፣ ስትጮኽ አብሯት የሚጮኽ ሰው በዙሪያዋ ይኖራል ማለት ነው። ስለዚህ አንድ ሰው አዲስ አበባ ሄዶ ምንም ሳያሰማ ይዟት መምጣት ነበረበት። የሚሄደው ሰው መዋሸትም ስልክም የሚያውቅ ሊሆን ይገባል ተባለ። የአባቴ ታናሽ ወንድም፣ የቤተሰባችን ታላቅ የሆኑት አጎቴ፣ በዱላቸው ወደ እኔ ጠቆሙ።

«እሷ ትሂድ። ወሬ አያልቅባትም። ስልክም ታውቃለች።»

እውነታቸውን ነው። የትምህርት ቤት ደጅ አልረገጥኩም፤ ፊደል የቆጠርኩት ከልጆቼ ደብተር ላይ ነው፣ ስልክ የተማርኩት ደግሞ ግቢዬ ውስጥ ክፍል ከተከራዩኝ ተማሪዎች። የሰፈሬ ሴቶች ስልካቸው ሲቆለፍባቸው፣ ፎቶ ሲጠፋባቸው፣ ባሎቻቸው ማን ጋ እንደደወሉ ማየት ሲያምራቸው እኔ ዘንድ ነው የሚመጡት። ጓሮው ውስጥ ሰው ሁሉ ሲያየኝ፣ ኀዘኑ መሀል ሆኜ እንኳ ትንሽ ደስ አለኝ። ይሄም ያሳፍረኛል።

አውቶቡስ አይሆንም አልኩ። አውቶቡስ ላይ ያገር ሰው አይጠፋም፤ አንዱ «ነፍስ ይማር» ቢላትስ? በአውሮፕላን ይሁን ተባለ። እኔም በዕድሜዬ ለመጀመሪያ ጊዜ በአውሮፕላን ሄድኩ፤ በማግስቱም ከፈተናው ስትወጣ በር ላይ ቆሜ ጠበቅኋት። ስልክ ይዞ መግባት አይፈቀድም ነበርና ስልኳን ከጥበቃው ተቀብላ ልትከፍተው ስትል ደረስኩባት።

«አክስቴ?» አለች፤ ፊቷ ላይ ደስታውም ድንጋጤውም አንድ ላይ መጣ። «ምን ሆናችሁ?»

«ምንም። አባትሽን ትንሽ አሞት ሆስፒታል አስተኝተውታል። ሊያይሽ ፈለገ።»

«ምኑን ነው?»

«ያው ጨጓራው ነው። ታውቂው የለ፣ በርበሬ ተው ሲሉት መች ይሰማል።»

ውሸት ሲያምር ዝርዝር ይኖረዋል፤ በርበሬውን የጨመርኩት ለዚያ ነው። አመነችኝ። ስልኳን ደግሞ «የኔ ካርድ የለውም፣ ለቤት ልደውል» ብዬ ከእጇ ተቀበልኩና ቦርሳዬ ውስጥ ከተትኩት። ስትጠይቀኝ አንዴ እየደወልኩ፣ አንዴ እየፈለግኩት፣ አንዴ «ቆይ፣ ሰልፉ እንዳያልፈን» እያልኩ እስከ አውሮፕላኑ ወንበር ድረስ አደረስኩት።

አውሮፕላኑ ውስጥ ከሻንጣዋ አንድ ነገር አወጣች። የደብተር ስፋት የለውም፤ መሀሉ መስታወት ነው፣ በግራና በቀኙ ቁልፎችና ጣት የሚያሽከረክራቸው ጉጦች አሉት። ዩኒቨርሲቲ ሳለች የሰው ኮምፒዩተር እየጠገነች የገዛችው ጌም ነው። ከፈተችውና የእርሻ ቦታ መጣ፤ ዶሮ አለው፣ ጎመን አለው፣ ትንሽዬ ሴት ውኃ ታጠጣለች። ጎሽ፣ ይሄ ይያዛት አልኩ በሆዴ። እሱን ስታይ ስልኩን ትረሳለች።

አስተናጋጇ ወንበሮቹን እያየች ስትመጣ አጠገባችን ቆመች።

«ስልካችሁን ኤርፕሌን ሞድ ላይ አድርጉልኝ። እሱንም እህት።»

«እሱ ደግሞ ማን ጋ ይደውላል?» አልኳት። አስተናጋጇ ሳቀች፤ እኔም አብሬያት ሳቅሁ።

የወንድሜ ልጅ ግን ጌሟን በጣቷ ስትነካካ ከላዩ ላይ ትንሽዬ የአውሮፕላን ሥዕል በራች። «ይሄም እኮ ኔት ይይዛል አክስቴ» አለችኝ። «ምዕራብ ዓባያ የምታስተምረዋ ጓደኛዬ የለችም? እሷ እዚያ ሆና እኔ እዚህ ሆኜ አንድ እርሻ ነው ያለን። ይቺ አውሮፕላን ስትበራ ግን ማንም አያየኝም።»

«ጉድ ነው» አልኩ።

ሰማኋት። መስማቱንማ ሰምቻታለሁ። ግን ያን ጊዜ እጄ ቦርሳዬ ውስጥ ነበር፤ የስልኳ አውሮፕላን መብራቷን እያረጋገጥኩ ነበር። ሐሳቤ ሁሉ ስልኩ ላይ ነበር። ስልክ ማለት ሲጮኽ ጆሮ ላይ የሚደረገው ነው፣ መርዶ የሚመጣው በእሱ ነው፣ አበቃ። ሌላውን ነገር ጆሮዬ ሰምቶ ለልቤ አልነገረውም።

ልንወርድ ስንል በመስኮቱ ሁለቱ ሐይቆች ታዩ፤ ዓባያ ቀይ አፈር እንደጠጣ፣ ጫሞ ጠቆር ብሎ፣ መሀላቸው ተራራው። ግንባሯን መስታወቱ ላይ ለጥፋ አየች።

«አባዬ ይሄን ከላይ አይቶት አያውቅም» አለች። «ሥራውን ካገኘሁ በመጀመሪያው ደመወዜ እሱን ነው በአውሮፕላን የማስኬደው። ጨጓራው ይዳን ብቻ።»

«አዎ» አልኳት። ሐይቆቹን የማይ መስዬ ዓይኔን ወደዚያ አዞርኩ።

ከአውሮፕላን ማረፊያው የወሰደን ባጃጅ ነጂ የላንቴ ልጅ ሆኖ አረፈው። በመስታወቱ ሲያየኝ ፊቱ ጨለመ። «እትዬ፣ እግዚአብሔር ያ…» ብሎ ሲጀምር ጀርባውን በጉልበቴ ጎሸምኩት።

«እግዚአብሔር ይመስገን፣ ደህና ነን፤ መንገዱን እያየህ ንዳ» አልኩት። እስክንደርስ ድረስ ጆሮው ቀልቶ አንድ ቃል ሳይተነፍስ ነዳ።

«ምን ሆኖ ነው?» አለችኝ ስንወርድ።

«ሚስት ሊያገባ ነው፤ ያፍራል» አልኳት።

ቤቴ ስንገባ ገና ፀሐይ አለች። ሆስፒታል እንሂድ አለች። ሰዓት አልፏል አልኩ። ጥበቃውን ልለምነው አለች። «ነገ ጠዋት ገና ሳይነጋ እንሄዳለን፣ አባትሽም ተኝቶ ይሆናል» አልኩ። ተከራዮቼ ሁሉ ያውቃሉ፤ ከየክፍላቸው ብቅ እያሉ ሰላም ይሏትና ቶሎ ብለው ይገባሉ። ያን ያህል ትሑት ተማሪ ቤቴ ውስጥ አይቼ አላውቅም።

«በቃ ስልኬን ስጪኝ፤ እማዬ ጋ ልደውል።»

«ባትሪው ሞቷል። ቻርጅ ላይ ልሰካው።» መኝታ ቤቴ ገብቼ ሰካሁት፤ አውሮፕላኗ እንደበራች አየሁ፣ በሩን ቆለፍኩና ቁልፉን ጡቴ ሥር ወሸቅሁ። ከሞላ ጎደል ተወጣሁት ብዬ ተነፈስኩ።

ሳሎን ስመለስ ጌሟን ጉልበቷ ላይ አድርጋ ተቀምጣለች። «ዋይፋይ አለሽ አይደል አክስቴ? እንግዲያው እሱን ልጫወት፣ አውሮፕላኗን ላጥፋትና።»

«ተጫወቺ የኔ ልጅ» አልኩ። ደስ ነው ያለኝ። እስኪነጋ ድረስ ምን አድርጌ ልያዛት ብዬ ስጨነቅ እሷው መፍትሔውን አመጣችልኝ። የዋይፋዩን የይለፍ ቃል ፊደል በፊደል ነገርኳት። ስትሳሳትም «አይ፣ ሁሉም ትናንሽ ፊደል ነው» ብዬ አረምኳት። ልብ በሉ፣ ስልኳን በቁልፍ ዘግቼ መጥቼ ያን የምላት እኔው ነኝ።

ወጥ ቤት ገባሁ። የምትወደውን፣ የበቆሎ ድብልብሉን ከሃላኮ ቅጠል ጋር ልሠራላት ነው፤ ሌላው አገር ሽፈራው የሚለውን ቅጠል። ቅጠሉን ስሸመጥጥ የጌሙ ዘፈን ይሰማኛል፤ የወፍ ፉጨት ይመስላል። ዱቄቱን ሳቦካም ይሰማኝ ነበር። ቀጥሎ ጸጥ አለ። ደከማት አልኩ፤ መንገደኛ ናት።

ምግቡን ይዤ ስገባ ጌሙን አጥፍታ ፊቱን ወደ ታች ጉልበቷ ላይ ደፍታዋለች። እጆቿ ከላዩ ናቸው።

«አክስቴ፣ ነጠላ አለሽ?» አለችኝ።

ሲቀላ ውስጥ በዚያ ወር ነጠላ የሚያምረው ሰው የለም፤ ግድግዳው ራሱ ያልባል። እኔ ግን የአዲስ አበባ ብርድ አጥንቷ ውስጥ ገብቶ መጥቶ ይሆናል አልኩና ነጭ ነጠላዬን አወጣሁላት። ተከናንባ ተቀመጠች። ካጎረስኳት በቀር በእጇ አልቆረሰችም።

«ተረት ንገሪኝ» አለች።

«ትልቅ ሰው ሆነሽ?»

«የአባዬን ንገሪኝ። ልጅ ሆኖ።»

እንዲህ የሚለኝ ሰው ካገኘሁ እኔ መቼ እምቢ ብዬ። ደጋው ላይ፣ ኦቾሎ ሳለን አባታችን ሸማኔ ነበር አልኳት፤ አባትሽን ሊያስተምረው ከሽመናው ጉድጓድ ዳር አስቀመጠው፣ እሱ ግን እግሩን እመርገጫው ላይ እንዳደረገ እንቅልፍ ወሰደው። ሲነቃ ደንግጦ ያለ ልክ ረገጠ፤ የጋቢው ጥለት ተጣሞ እንደ እባብ ሄደ። አባታችን በልምጭ አሯሯጠው፣ ጋቢውንም እፍር እያለ ለአንድ ነጋዴ ሸጠው። በሚቀጥለው ገበያ ያ ነጋዴ መጥቶ «ያንን የእባቡን ጥለት ሌላ አትሠራልኝም?» አለ።

ፊቷን በነጠላው ሸፍና ትከሻዋ ተንቀጠቀጠ። ሳቀችልኝ ብዬ ጨመርኩላት። ከደጋው ወርዶ ላንቴ ላይ ሙዝ ሲጀምር ዝንጀሮዎቹን ሊያባርር ማማ ሠርቶ ማማው ላይ ዝንጀሮ አብሮት እንዳደረ ነገርኳት። እናቷን ሊያጭ ሲሄድ ጫማ ተውሶ፣ የጫማው ባለቤት ከሽማግሌዎቹ መሀል ሆኖ እንደተገኘ ነገርኳት። «ከዚያስ?» ትለኛለች። ሌላ ትለኛለች። ድምፅዋ ታፍኗል። «ጉንፋን ይዞሻል» አልኳት።

ያን ምሽት ያወራሁትን ያህል ስለ ወንድሜ አውርቼ አላውቅም። ሁሉንም ደግሞ እንዳለ ሰው ነው ያወራሁት፤ «አባትሽ እኮ እንዲህ ነው» እያልኩ። እኔ አጫወትኳት ብዬ ነበር። እሷ ለካ ለቅሶ ላይ ተቀምጣ ነበር፤ ብቻዋን፣ ከፊት ለፊቴ፣ እኔን እንደ አልቃሽ አድርጋ።

ገና ጎህ ሲቀድ መጡ። የግቢውን በር ልከፍት በጓሮ በኩል በባዶ እግሬ ወጣሁ፤ አጎቴ ከፊት፣ ቄሱ መስቀላቸውን ይዘው አጠገባቸው፣ ከኋላ የእድሩ ሰዎችና ልጅቷን የሚደግፉ ሁለት ሴቶች። ግቢውን አልፈው ሳሎኑ በር ላይ ደረሱ። አጎቴ ሊያንኳኩ ዱላቸውን ሲያነሡ በሩ ከውስጥ ተከፈተ።

«ግቡ» አለች።

ለብሳለች፤ ጥቁር ቀሚስ ከሻንጣዋ አውጥታ። የሰጠኋትን ነጠላ እንደ ኀዘንተኛ ዘቅዝቃዋለች፤ ጥለቱ አንገቷ ሥር ነው። ወንበሮቹን ሁሉ በግድግዳው ዙሪያ ደርድራ ጨርሳለች።

ሊደግፏት የመጡት ሴቶች እርስ በርሳቸው ተያዩ። አጎቴ ወደ እኔ ዞሩ። ያን ፊት አልረሳውም፤ ቁጣ ቢሆን ይሻለኝ ነበር። ግራ የገባው ሽማግሌ ፊት ነበር። መርዶ ሊነግር መጥቶ መርዶው ቀድሞት ገብቶ ወንበር ሲያቀርብለት አይቶ አያውቅማ።

ሁሉም ተቀመጠ። ቄሱ አሰላስለውት የመጡት ቃል ነበር፤ ከንፈራቸውን ሁለት ጊዜ ከፍተው ተዉት።

«አውቃለሁ አባ» አለቻቸው። «ግን ይንገሩኝ። እንደ ወጉ ይንገሩኝ።»

ነገሯት። አንገቷን ደፍታ ሰማቻቸው። ሲጨርሱ መስቀሉን ተሳለመች፤ እንባዋ ወረደ፣ ድምፅ ግን አልነበረውም። ድምፁ ማታ አልቋል።

«ማን ነው የነገራት?» አሉ አጎቴ፤ ጥያቄው ለእኔ ነው።

«እኔ አልነገርኳትም።»

«ስልኳን ወስጃለሁ አላልሽም?»

ከጡቴ ሥር ቁልፉን፣ ከመኝታ ቤቴ ስልኩን አምጥቼ በሁለት እጄ አቀረብኩላቸው። «ይኸው፣ አውሮፕላኗ እንደበራች ናት» አልኩ። ለምን እንደዚያ እንዳልኩ አላውቅም፤ ፍርድ ቤት የቀረብኩ ይመስል።

ልጅቷ ናት ጌሙን ያነሣችው። ከፍታ ለአጎቴ አሳየቻቸው፤ እሳቸው ማንበብ ስለማይችሉ ቄሱ አነበቡት። ምዕራብ ዓባያ ያለችው ጓደኛዋ ናት። ስልኳን ብትሞክር አልሠራላትም፤ ወደ አገር መንገድ ላይ ናት ብላ ጠበቀች፤ ማታ ጌሙን ስትከፍት የዚችኛዋን ኔት ላይ መሆን የምታሳየው መብራት ስትበራ አየችና፣ አገር ገብታለች፣ ተነግሯታል ብላ ጻፈችላት። «ገብተሻል ማለት ነው። ጋሼን ነፍሳቸውን ይማር። ቀብሩ ላይ አንቺን ፈልጌ አጣሁሽ፤ አይዞሽ።» እንግዲህ የወንድሜ ልጅ አባቷ መሞቱንም መቀበሩንም ያነበበችው እኔ ዱቄት ሳቦካ ነው፤ ዶሮና ጎመን መሀል።

አጎቴ ጌሙን ገልበጥ አድርገው ጀርባውን አዩት። «ይሄ የልጅ መጫወቻ ነው የነገራት?»

«ኔት ይይዛል አጎቴ» አልኩ ቀስ ብዬ።

«ታውቂ ነበር?»

«ነግራኝ ነበር» አልኩ።

«ስልክ ታውቃለች ብዬ የላክኋት እኔ ነኝ፤ እኔን ውቀሱኝ» አሉ ለሰዎቹ፤ ዱላቸውን ይዘውም ተነሡ። ከስድብ ሁሉ ያችኛዋ ገባችብኝ።

ላንቴ ስንደርስ ድንኳኑ ሞልቷል። ከኦቾሎ የወረዱ ዘመዶቻችን ገና ከመንገድ ናቸው፤ ጋቢያቸውን ሳይፈቱ ቆመው ይጠብቋታል። ሩቅ የነበረ ልጅ ሲመጣ እየጮኸ ይገባል፣ ድንኳኑም አብሮት ይነሣል፤ ሁሉም ሰው እንባውን ለዚያ ሰዓት ያቆየዋል። እሷ ግን ቀስ ብላ ገባች፣ የእናቷን ጉልበት ሳመች፣ አጠገቧ መሬት ላይ ተቀመጠች። እናትዋም ደንግጣ እጇን ያዘቻት። ለጩኸት የተነሣው ሰው ሁሉ ቆሞ ቀረና አንድ በአንድ ተቀመጠ።

ከኋላዬ ሴቶቹ ጀመሩ።

«አዲስ አበባ ልብ ያደርቃል መሰለኝ።»

«ሥራ ልትይዝ ነው አሉ። አባት ለምኗ ነው እንግዲህ።»

«እኔ የጎረቤት ልጅ ሲሞት እንኳ ፊቴን ነጭቻለሁ።»

ዞር ብዬ አንዲት ቃል ብናገር ይበቃ ነበር። ለቅሶ ቤት እኔ ዝም ብዬ አላውቅም፤ ስለ ሟቹ የማወራው፣ ሰዉን አስቄ አስለቅሼ የማውለው እኔ ነኝ። አንዷ እንዲያውም «አንቺ ባለተረቷ፣ ዛሬስ ምን ዋጠሽ?» አለችኝ። ኀዘኔ ነው ብላ ነው። ፍርሃቴ እንደሆነ አላወቀችም። ያን ቀን በሙሉ ልጅቷ ልበ ደረቅ ስትባል እየሰማሁ ውኃ ሳዞር ዋልኩ።

በማግስቱ ወሬው እናትዋ ጆሮ ደረሰ። አንዲት አሮጊት ፊት ለፊት መጥታ «ምን አድርጎሽ ነው አባትሽ ያላለቀስሽለት?» ስትላት ልጅቷ ቀና ብላ አየቻት እንጂ አልመለሰችም። ወደ እኔም አላየችም። ብታየኝ ኖሮ ምናልባት አሁንም ዝም እል ነበር፤ ስላላየችኝ ነው የተነሣሁት።

«አልቅሳለች» አልኩ። «እኔ ቤት፣ ብቻዋን፣ ያለ ደጋፊ። እኔ እየሳቀች መስሎኝ ተረት ሳወራላት አድሬ። መርዶው በጌሟ ገብቶባት ነው። ዋይፋዩን የሰጠኋት እኔ ነኝ።»

ዋይፋይ ምን እንደሆነ ለአሮጊቷ ሲያስረዷት ቆዩ።

«እና ስልኳን ቆልፈሽ ይሄኛውን ከፈትሽላት?» አለችኝ ገብቷት።

«አዎ እማማ።»

«ታዲያ በሩን ቆልፎ መስኮቱን ከፍቶ እንደተኛ ሰው ነሽ» አለች፤ ሰዉ ለቅሶ ላይ መሆኑን ረስቶ ሳቀ። እስከ ዛሬ ዘመድ ሲሰበሰብ ይሳቃል። ሰው ሲሞት ደግሞ «ለእሷ አትንገሯት፣ ዋይፋይ አላት» ይባላል። ይበሉ። ልጅቷን ልበ ደረቅ ከሚሏት እኔን ሞኝ ይበሉኝ።

ሰው ሲቀንስ ከሙዙ ሥር አገኘኋትና ይቅርታ ጠየቅኋት። ጌሙን ማሰብ ነበረብኝ፣ አውሮፕላን ውስጥ ነግረሽኝ ነበር፣ ጆሮዬ ነው አልኳት። ከደረቀው የሙዝ ቅጠል እየቀደደች ሰማችኝ።

«ለምን ስለ ጌሙ ብቻ ትይኛለሽ?» አለች። «እሱ ባይኖር ኖሮ እስኪነጋ ትዋሹኝ ነበር። እኔ የከፋኝ ቀብሩ ነው አክስቴ። ፈተና ይደገማል። እንዳልጠራ ያለው ማነው?»

እኔ ነኝ አልኳት። አላወቀችም ነበር። ቅጠሉን መቅደዷን ተወች። ከፈተናው በር ጀምሮ የዋሸኋት ሁሉ ያን ያህል አልጎዳትም፤ ይሄኛውን ስነግራት ግን ከተቀመጠችበት ትንሽ ራቅ አለች። አልተነሣችም፣ አልተቆጣችም፤ ራቅ ብቻ አለች።

«ለእማዬ እንዲህ አታደርጉም» አለችኝ በኋላ። «አንድ ነገር ከሆነች ወዲያው በስልክ ትነግሪኛለሽ። ሽማግሌ አትላኪብኝ። እኔ በመንገድ ብወድቅም ልውደቅ።»

ቃል ገባሁላት። አጎቴ ቢሰሙ ወግ አፈረስሽ ይሉኛል።

ፈተናውን አለፈች። አሁን ሥራ ይዛለች፤ ትደውልልኛለች፤ እንደ በፊቱ «አክስቴ» ትለኛለች፤ ተረት ንገሪኝ ግን ብላኝ አታውቅም። ባለፈው ክረምት መውጫ ላይ እናትዋ ትኩሳት ይዟት ተንቀጠቀጠች፤ ሆስፒታል ወሰድናት፣ ወባ ነው ተባለ፣ መድኃኒት ተሰጣት፣ አልጋ ያዘች። ወዲያው ከአልጋው ዳር ቆሜ ደወልኩ። አላሳመርኩም፤ በርበሬም አልጨመርኩም።

«እናትሽ ታማለች። ወባ ነው። ሆስፒታል ነን፤ መድኃኒት ጀምራለች።»

ከቢሮዋ የሰው ድምፅ ይሰማል።

«ወባ ብቻ ነው?»

«ወባ ብቻ ነው።»

«እውነት በይ።»

«እውነት የኔ ልጅ።»

በጨዋ ድምፅ፣ እንደማያውቀኝ ሰው፣ «ቪዲዮ አድርጊውና ለእማዬ ስጪልኝ» አለችኝ።

ስልኩን ወደ አልጋው አዞርኩት። እናትዋ ከትራሱ ላይ ቀና ብላ፣ ከንፈሯ ደርቆ፣ «ምን ሆነሽ ነው በሥራ ሰዓት?» አለቻት።

«አንቺው ንገሪኝ እማዬ። ምን አሉሽ?»

«ወባ ነው አሉኝ እኮ።»

ያን ጊዜ ትንፋሿን ስትለቅ በስልኩ ውስጥ ተሰማኝ። ከእኔ አፍ የወጣውም ያው ቃል ነበር። እናትዋ ስልክ መያዝ ስላቃታት፣ ሁለቱ ስለ ቤት፣ ስለ መድኃኒቱ፣ ስለ ሙዙ ውኃ ሲያወሩ እኔ ከአልጋው ዳር ቆሜ፣ ክንዴ እስኪዝል ያዝኩላቸው።